ከኮምፒዩተሬ የተጠረገው ጀግና

ያን ቅዳሜ የተናደድኩት ንዴት ለሰፈሩ ቢከፋፈል ለየቤቱ ሁለት ሁለት ዓመት ይበቃ ነበር።

እኔ አናጺ ነኝ። እንደኔ በር የሚገጥም ሰው ገና አልተወለደም፤ ጣቶቼ ግን የመጥረቢያ እጀታ ያህላሉ። አንድ የስልክ ጨዋታ አለ፤ የዓለም ሕዝብ በኢንተርኔት ተገናኝቶ፣ እያንዳንዱ የራሱን ጀግና እያሳደገ፣ ዘንዶ የሚገድልበት። በስልክ ስሞክረው «ምታ» የሚለውን ስነካ «ሽሽ» የሚለውም አብሮ ይነካል። ጀግናዬ ሰይፉን እንደመዘዘ እግሬ አውጪኝ ይላል። ስለዚህ ሳሎን ካለው ኮምፒዩተር ላይ ጫንኩት። አንድ ቁልፍ፣ አንድ ምት። ከዚያ ወዲህ እኔ ስገባ ዘንዶዎቹ መውጫ ይፈልጉ ጀመር።

ለባለቤቴ የቁም ሳጥን ንድፍ እየሠራሁ ነው ብያታለሁ። ሦስት ዓመት ሙሉ ንድፍ።

ቅዳሜ ሥራ ውዬ ስመለስ ታናሽ ወንድሟ ኮምፒዩተሩ ፊት ተቀምጧል። ሙያው የኮምፒዩተር ጥገና ነው፤ ማሽኑ ተንቀራፈፈ ብላ የጠራችው እሷ ናት። «የባሌን ሥራ እንዳትነካ» ስላለችው «ንድፍ» የሚለውን ማህደር እንደ እንቁላል ተጠንቅቆ አስቀምጦ፣ የቀረውን ጠራርጎታል። ማህደሩ ውስጥ ያለው አንድ የበርጩማ ሥዕል ነው፤ እሱም ባለ ሁለት እግር።

የልጆች ጨዋታም አግኝቶ እንዳጠፋልኝ ነገረኝ፤ ምስጋና እየጠበቀ።

ደሜ ፈላ። አባረርኩት፣ ሳይወጣ መልሼ ጠራሁት፣ እንደገና አባረርኩት።

«ልጆቻችን አግብተው ከወጡ ስንት ጊዜያቸው ነው፤ የማን ጨዋታ መሰለህ?»

ይህን ካልኩ በኋላ ነው ከኋላዬ የቆመችው የባለቤቴ ዓይን ትዝ ያለኝ።

አማቼ ተመልሶ ተቀመጠና ጨዋታውን እንደገና ጫነ። የኢሜይል አድራሻዬን ለማንም አልሰጥም ብዬ መጀመሪያ ስጭነው «በእንግድነት ግባ» የሚለውን ነበር የመረጥኩት። ለካ የእንግዳ ጀግና ቁልፉ ያለው በገባበት ኮምፒዩተር ውስጥ ብቻ ነው፤ ኮምፒዩተሩ ከተጠረገ ጀግናውም የለም። አንድ መንገድ ብቻ ቀርቶኛል፤ ለጨዋታው ባለቤቶች ቅጽ መሙላት። የሚላከው አንዴ ነው፤ አንድ መልስ ከተሳሳተ አይመልሱትም።

«የጀግናው ስም?» አለኝ።

መጀመሪያ በሩን አየሁ። ግን ሦስት ዓመት ያሳደግኩት ነው፤ ልጆቼን እንኳ እንደሱ አላለበስኳቸውም።

«አማች አንቀጥቅጥ።»

አማቼ ፊቱን ሳይቀይር ጻፈው። ባለቤቴ ግን ወንበር ስባ ተቀመጠች።

«ደረጃው?»

«ዘጠና ዘጠኝ።»

ጣቱን «ላክ» የሚለው ላይ አድርጎ ጠበቀኝ። «ጋሼ፣ ይሄ ለኛ የሚነገር አይደለም። ከመዝገባቸው ጋር ካልተገጣጠመ ጀግናህ አለቀለት።»

እሱን ላንቀው ፈለግኩ፣ ቅጹን ላንቀው ፈለግኩ። ዕድሜዬን ሙሉ ቁጥር ዝቅ አድርጌ ተናግሬ አላውቅም፤ ለሐኪም እንኳ ትኩሳቴን ጨምሬ ነው የምናገረው። ወደ ግድግዳው ዞርኩ።

«አሥራ ሰባት።»

«በሦስት ዓመት?» አለች ባለቤቴ።

«ላከው» አልኩት።