ዘጠና ስድስቱ ደረጃዎች

የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ፣ ሊፍት በሌለው መሥሪያ ቤቷ ወደ አራተኛ ፎቅ የሚያወጡትን ደረጃዎች አንድ በአንድ ታውቃቸዋለች፤ ዘጠና ስድስት ናቸው። የመገጣጠሚያ ሕመም ከጀመራት ስድስት ዓመት ሆኗታል። ደህና ስትሆን እንደማንም ሰው ትወጣቸዋለች፤ ሲብስባት ግን ጉልበቷ ያብጥና የመጀመሪያው ደረጃ ራሱ ተራራ ይሆንባታል። ፊቷ ላይ ምንም ስለማይታይ ባልደረቦቿ "አንቺማ ምን ሆነሽ፣ አምሮብሻል" ይሏታል። እሷም ዓይነ አፋር ናትና ታመሰግናለች።

የምትፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነበር፦ ጠረጴዛዋና ሁለት መደርደሪያዎቿ ከአራተኛ ፎቅ ወርደው፣ ምድር ቤት ማንም የማይሠራበት ክፍል እንዲገቡላት። ሦስት ጊዜ አመለከተች። በሦስተኛው ማመልከቻዎችን የሚያየው ኮሚቴ ቀርባ እንድታስረዳ ጠራት። ኮሚቴው የሚሰበሰበው አራተኛ ፎቅ ነው። ያን ቀን ሕመሙ ብሶባት ሳለ ከቤቷ በቀጥታ መጥታ፣ እንደምንም ወጥታ፣ ላብ በላብ ሆና አስረዳች። ቃለ ጉባኤው ላይ "አመልካቿ በሰዓቱ ወጥታ መቅረቧ ደረጃ መውጣት እንደምትችል አረጋግጧል" ተብሎ ተጻፈና ፋይሉ ተዘጋ። ፋይሉን መደርደሪያ ላይ ያስቀመጠችው ራሷ ናት።

የአካል ጉዳተኞች ቀን ሲቃረብ የአስተዳደር ኃላፊው ፈገግ ብሎ መጣ። እንግዶችና ካሜራ ስለሚመጡ የሕይወት ልምዷን እንድታካፍል ጠየቃት። ሁለት ገጽ ጽፋ ሰጠችው። ስለ ክፍሉ የሚናገረውን አንቀጽ አስተዳደራዊ ጉዳይ ነው ብሎ ሰረዘው፤ በምትኩ ሦስት ቦታ ላይ "ተስፋ አልቆረጥኩም" የሚል ጨመረበት። በነጋታው ደግሞ ከየት እንደተዋሰው እንጃ፣ ምርኩዝ ይዞላት መጣ።

"እኔ ምርኩዝ አልይዝም እኮ።"

"ታዲያ ሰው በምን ይወቅልሽ፣ እህቴ?"

በዕለቱ ጉልበቷ አብጦ አደረ። ከደረጃው ሥር ስትደርስ ሽማግሌው በር ጠባቂ አይተዋት ወንበራቸውን ለቀቁላት። ወዲያው ስልኳ ጠራ። ኃላፊው ነው፤ እንግዶቹ አራተኛ ፎቅ አዳራሽ ቦታቸውን ይዘዋል፣ የቀረሽው አንቺ ብቻ ነሽ አላት። ዛሬ መውጣት እንደማትችል ነገረችው።

"እህቴ፣ የምትናገሪው እኮ ስለ መቻል ነው።"

"አውቃለሁ። ከዚሁ ሆኜ ልናገር።"

የክብር እንግዳዋ፣ ጠና ያሉ ሴትዮ፣ አጠገቡ ተቀምጠው ይሰሙ ኖሯል። ተናጋሪዋ ካልወጣች እኛ እንውረድላት ብለው ተነሡ። እሳቸው ሲነሡ ኃላፊው ተነሣ፤ እሱ ሲነሣ አዳራሹ በሙሉ ተነሣ፤ ካሜራውም ተከተለ።

ሰዉ ደረጃው ላይ ተደርድሮ ሲጠብቃት ወረቀቷን አየችው። ከዚያ አጠፈችው።

"የጠየቅሁት ክፍል ይኼ ነው" አለች፣ ከኋላዋ ያለውን በር እያሳየች። ድምፅዋ ቀስ ያለ ስለነበር ለመስማት ሁሉም አንድ ደረጃ ወረደ። በር ጠባቂው ማንም ሳያዛቸው በሩን ከፈቱት። ውስጡ ያለፉት ዓመታት ባነሮች ተጠቅልለው ቆመዋል። አንዱ በግማሽ ተዘርግቶ "በራችን ለሁሉም ክፍት ነው" ይላል።

የክብር እንግዳዋ ባነሩን አነበቡ፤ ከዚያ ኃላፊውን አዩት። ካሜራውም አየው።

"እሷ መቼ ነው የምትገባው?" አሉት ሴትዮዋ።

"እንዲያውም... ዛሬ ነው" አለ ኃላፊው።

ጠረጴዛው ወረደ፤ ባነሮቹም አራተኛ ፎቅ ወጡ። ካሜራው ገና ስላልሄደ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ባነሮች የተሸከማቸው ኃላፊው ራሱ ነበር።

በዓመቱ ደብዳቤ ደረሳት። መሥሪያ ቤቱ ጠረጴዛ በማውረድ ያስመዘገበውን ስኬት ለእንግዶች እንድታቀርብ ይጠይቃል፤ ቦታው አራተኛ ፎቅ፣ ትልቁ አዳራሽ። ደብዳቤውን ከቃለ ጉባኤው ቀጥላ ፋይሉ ውስጥ አስገባችና ባጭሩ መልስ ጻፈች፦ "እዚህ ታች ወንበር አለ፤ ኑ።"