የቅዳሜው መልእክት

ፍሬገነት በስደት አገር፣ ኦሬንጅ ፋርም በሚባል ሰፈር ባለው የወንድሟ የአቢሶ ሾፕ፣ ከብረት ፍርግርጉ ኋላ ሆና ዳቦና የስልክ ካርድ ስትሸጥ አምስት ዓመት ኖረች። በርቀት የተማረችው ትምህርት ግን በመጨረሻ ከተማ ውስጥ የሶፍትዌር ፈታሽነት ሥራ አስገኘላት። ሥራዋ የክሊኒክ ቀጠሮ መልእክቶች ለታካሚዎች መድረሳቸውን ማረጋገጥ ነው። የሙከራ ጊዜዋ ሦስት ወር ነበር። መጀመሪያ አካባቢ ስህተት ስታገኝ ዝም ትል ነበር፤ ሾፕ ውስጥ የተበላሸ ዕቃ የሚነሣው ደንበኛ ሳያይ ነው።

«ሲሲ፣ እህቴ፣ እዚህ የሚከፈልሽ ለጩኸት ነው» አላት አጠገቧ የሚቀመጠው ባፈና እየሳቀ። «ደግሞ ሲስተሙ ደረሰ ስላለሽ ብቻ አትመኚው። ማን እጅ ገባ ብለሽ ጠይቂ።»

ሦስተኛው ወር ሊያልቅ ሁለት ሳምንት ሲቀረው፣ አገር ቤት፣ ሆሳዕና ያሉት እናቷ የኩላሊት ሕመማቸው ጠና። ፍሬገነት ልሂድ አለች።

«አሁን ከሄድሽ ሥራው የለም» አለ አቢሶ። «ጨርሺና ትሄጃለሽ።»

ቀረች። ቅዳሜ ዕለት ሮዘተንቪል ሰፈር በተከራየችው ክፍል ተቀምጣ ለእናቷ ድምፅዋን ቀድታ ላከች። «እማዬ፣ ሥራ መርጬብሽ አይደለም። መርጬብሽም ከሆነ ይቅር በይኝ። መናገር ካቃተሽ ተዪው፤ ስሚኝ ብቻ።»

ከሰዓት በኋላ የመልእክቱ ምልክት ሰማያዊ ሆነ። ተሰምቷል ማለት ነው። ሳምንቱን በዚያ ተጽናንታ ሠራች። ታናሽ እህቷ ኤርጎጌም «እማ ደክሟታል፣ ማውራት አትችልም» እያለች ትጽፍላት ነበር።

ዐርብ ቋሚ ሠራተኛ መሆኗ ተነገራት። እዚያው የቢሮው ደረጃ ላይ ቆማ ወደ አገር ቤት የረቡዕ ትኬት ቆረጠች።

በማግስቱ ሊነጋጋ ሲል በሯ ተንኳኳ። አቢሶ ነው፤ በገበያ ቀን ሾፑን ዘግቶ መጥቷል። ከኋላው የቤተ ክርስቲያናቸው ሽማግሌ ጋሽ አጵሎስና ዮቪል ሰፈር የምትኖረው የአገራቸው ልጅ በለጥሽ ቆመዋል። ማንም ደኅና አደርሽ አላላትም።

«መቼ?» አለች ፍሬገነት።

«ሐሙስ» አለ አቢሶ ወለሉን እያየ።

«ከትናንት ወዲያ?»

«የባለፈው ሳምንት። ዐርብ ተቀበረች። ሥራሽ እንዳይበላሽብሽ ብለን ነው፣ የኔ እናት።»

በለጥሽ ልታቅፋት ተጠጋች። ፍሬገነት በእጇ ገታ አድርጋት ስልኳን አነሣች።

«የቅዳሜውን መልእክት ማን ሰማው?»

«ኤርጎጌ። ሳይከፈት ከቀረ ትጠረጥራለች ብዬ፣ ክፈቺው ያልኳት እኔ ነኝ። እያለቀሰች ነው የሰማችው» አለ አቢሶ።

«አልቅሺ ልጄ፣ ይውጣልሽ» አሉ ጋሽ አጵሎስ።

አላለቀሰችም። መልእክቱን ተጫነችው። ድምፅዋ ጠባቧን ክፍል ሞላ፤ አራቱም ቆመው ሰሙት። «ይቅር በይኝ» የሚለው ላይ ሲደርስ አቢሶ ፊቱን ወደ በሩ አዞረ። «ስሚኝ ብቻ» አለና ድምፁ አለቀ።

ያኔ ነው መሬት የተቀመጠችው።