ሬሳ የሌለው ለቅሶ

ላልሞተ ሰው ያለቀሰች እናት እንባዋን ከማን ትጠይቅ? «ኪነ ጥበብ ነው» የሚል መልስ ያለው ካለ አፉን ይያዝ።

ወይዘሮ ንግሥቴ ፊልሙ ወደሚመረቅበት የፍኖተ ሰላም አዳራሽ ገብተው ከኋላ ሲቀመጡ ምናለ ላብ አጠመቀው። ከቡሬ ያስመጣቻቸው የምርቃቱ አስተባባሪ ያምሮት ናት፤ የምታውቀው ነገር የለም።

«ተዋናዮቹን መድረክ ላይ እንዳትጠሪ» አላት በጆሮዋ።

«ምን ነካህ አንተ? ሰው ካሜራህን ሊያይ የመጣ መሰለህ?»

ምናለ ከጅጋ እስከ ቡሬ ሰርግ ሲቀርጽ ነው የኖረው። ራሱ ጽፎ ራሱ የቀረጸው የመጀመሪያ ፊልሙ ይህ ነው። ከባሕር ዳር የመጡት ባለሀብት ጋሽ ታከለ ከፊት ከጎኑ ተቀምጠዋል፤ ዛሬ ከወደዱት ለሚቀጥለው ገንዘብ ያወጣሉ።

ፊልሙ ለቅሶ ያስፈልገው ነበር። ወይዘሮ ንግሥቴ በሙሿቸው የታወቁ ናቸው፤ ሲለምናቸው ግን «ቆሞ ለሚሄድ አላለቅስም፤ ሞት መጥራት ነው» አሉት። ተናዶ ወጣ። ከሰነበተ በኋላ ተመልሶ ዋሻቸው፦ ከሩቅ የመጣ የአንድ ወጣት ሬሳ አለ፣ እዚህ ዘመድ የለውም፣ ቀብሩን ቀርጸን ለእናቱ እንልካለን አላቸው።

የእሳቸው ልጅ በወጣበት ቀርቷል፤ መቃብሩ እንኳ አይታወቅም። የተዘጋው የሬሳ ሳጥን ላይ ተደፍተው ደረታቸውን መቱ፦

«እኔ ላንተ ላልቅስ፣ እናትህ ለልጄ፣
ያለ እንባ አይቅርብኝ፣ ያሳደግሁት በእጄ።»

ምናለ ዓይኑን ከካሜራው አላነሳም። እንዲህ ያለ ሐዘን ጽፎ እንደማያመጣው ያውቅ ነበር።

መብራቱ ጠፋ። የወይዘሮ ንግሥቴ ሙሾ እየተሰማ የዋናው ተዋናይ የወንዳወቅ ፊት ሸራው ላይ ሲወጣ፣ ከኋላ ዝቅ ያለ የለቅሶ ድምፅ ተሰማ። ያለቀሱለትን ልጅ መልክ ገና ማየታቸው ነው፤ በሕይወት ሳለ የተቀረጸ መስሏቸዋል። ሄዶ እውነቱን ሊነግራቸው ይችል ነበር። ጋሽ ታከለ ግን በአድናቆት ራሳቸውን ይነቀንቃሉ። ምናለ ከወንበሩ አልተነሳም።

ፊልሙ አለቀ፣ መብራት በራ፣ ያምሮት ወንዳወቅን ጠራች። ልጁ እየሳቀ መድረኩ ላይ ወጣ።

ወይዘሮ ንግሥቴ ተነሡ። «አንተ ልጅ» አሉ፣ «ተዝካር አውጥቼልህ አልነበረም?»

አዳራሹ የትርኢቱ ቀሪ መስሎት በሳቅ ፈረሰ። ወንዳወቅም ሳቀ። ፊታቸውን ሲያይ ግን አቀረቀረና ወደ ምናለ ጠቆመ፦ «እትዬ፣ ጽሑፉም ቀረጻውም የሱ ነው።»

«ሰዉን ትወና ነው በለውና ይለፍ» አሉት ጋሽ ታከለ ምናለን በሹክሹክታ።

ወይዘሮ ንግሥቴ በወንበሮቹ መካከል ቀስ ብለው መጡ። ሳቁ በደረሱበት ሁሉ እየከሰመ ሄደ። ምናለ ፊት ቆሙ። እሱ በሹክሹክታ ሊነግራቸው ወደ ጆሯቸው ጎንበስ አለ።

«ያለቀስሁበት ሳጥን ውስጥ ምን ነበር? በጆሮዬ አይደለም ልጄ፤ እዚሁ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ፣ መልስልኝ።»