ቦራ የሚባለው የጦር መርከብ

የካቲት 9 ቀን፣ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ተኩል ላይ፣ እማማ አስካለ ነጠላቸውን ወገባቸው ላይ አጥብቀው በለቅሶው ድንኳን መሐል ቆሙና፣ "ነገ ሠልስቱ ነው፤ ምን ብዬ ላልቅስለት?" አሉ።

ሙሾ በማውረድ ቆቦ ውስጥ የሚተካከላቸው የለም። የሟቹን ወገን፣ ልጁን፣ ከብቱን፣ ጠመንጃውን አስቀድመው ይጠይቃሉ፤ ያልነበረውን ነበረው ብለው ግን አያለቅሱም።

"ምን ነበረውና?" አሉ የሟቹ አጎት አያ ተሾመ። "ሚስት የለው፣ ልጅ የለው፣ በሬ የለው። ጎማ ሲነፋ ኖሮ ሞተ። ደግ ነበር ብለሽ እለፊው።"

ብርቱካን ንፍሮ በሰፌድ ይዛ እንደቆመች ሰማች። ሟቹ አንዷለም ታላቅ ወንድሟ ነው። ደግ ነበር የሚባለው ሌላ የሚባልለት ላጣ ሰው መሆኑን ታውቃለች። ነገ ዘመድ ከየአገሩ ሲሰበሰብ ወንድሟ በሁለት ቃል ሊሸኝ ነው። ምን ትበል? ወንድሜ የጦር መርከብ ነበረው ትበል?

አንዷለም በዋናው መንገድ ዳር ጎሚስታ ነበር። ጎማ የተነፈሰበት ሾፌር ድንጋይ ላይ ቁጭ ይላል፤ አንዷለም የጎማውን የውስጥ ላስቲክ፣ ከመነዳሪውን፣ ውሃ ውስጥ እየነከረ ቀዳዳውን ሲፈልግ ወሬውን ይጀምራል። ሰባት ፀሐይ ስለሚገዛ አንድ ንጉሠ ነገሥት፣ ስለ ጦር መርከቦቹም። መርከቦቹ ብረት አይደሉም፤ ነፍስ አላቸው። ይወለዳሉ፤ ብርሃን ይግጣሉ፤ ሲወጉ ይደማሉ፤ የማይወዱት ሰው ሲሳፈርባቸው ይራገጣሉ። በከብት ስም ቦራ፣ ዳልቻ፣ ሻሼ ይባላሉ። ንጉሡ አንዲት ከተማ እንዲያቃጥል ሲያዘው ቦራ እንቢ ብሎ በከተማዋና በንጉሡ ጦር መካከል ተኛ። ጎማው ተሠርቶ ያልቃል፣ ወሬው አያልቅም። ጎማው ደህና የሆነ ሾፌር እንኳ "ትንሽ ንፋስ ጨምርልኝ" እያለ ይቆም ነበር።

ከሰዓት በኋላ ሾፌሮቹ መጡ፤ ባጃጅ ነጂው ሙሀመድሰይድ ከፊት። ድንኳኑ ጥግ ተቀምጠው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ይከራከሩ ጀመር።

"ቦራ እኮ ሞቷል፤ ጎኑን ተወግቶ።"

"ወላሂ አልሞተም!" አለ ሙሀመድሰይድ። "ቆስሎ ተኛ እንጂ። ሻሼ ቁስሉን ስትልሰው አይደል ያደረችው? አንተ ያን ቀን ጎማህ ቶሎ ተሠርቶልህ ሄደሃል።"

"ዳልቻስ?"

"ዳልቻማ ከዚያ ወዲህ ማንንም አላስጠጋ አለ።"

እማማ አስካለ ከኋላቸው ቆመው ሰሙ። ራሳቸውን ነቀነቁና ወጡ።

በማግስቱ ድንኳኑ ጢም ብሎ ሞላ። እማማ አስካለ መሐል ገብተው ድምፃቸውን ለቀቁት፦

የቦራ አሳዳጊ የዳልቻ ጌታ፣
ከብቶችህ ቆመዋል ማን ይፍታቸው ማታ?

ሴቶቹ ደረታቸውን መቱ። አያ ተሾመ ግን ብድግ አሉ። "ኧረ ተይ! ሰው ምን ይለናል? በሬ አልነበረውም አላልኩሽም?"

"እኔ ውሸት አላለቅስም!" አሉ እማማ አስካለ ፊታቸው ተለዋውጦ። "ትናንት በጆሮዬ ነው የሰማሁት። እነዚህ ልጆች ናቸው ያሉት።"

ሰው ሁሉ ወደ ሾፌሮቹ ዞረ። ሙሀመድሰይድ ጉሮሮውን ጠረገ። "እማማ፣ ቦራ… መርከብ ነው።"

"የምን መርከብ?"

"የጦር። ሰማይ ላይ የሚሄድ። ነፍስ ያለው።"

ከሴቶቹ በኩል አንዷ በነጠላዋ ተሸፍና ሳቀች። "ለቅሶ ቤት መጥተህ ትቀልዳለህ?" አሉ አያ ተሾመ።

ብርቱካን ሰፌዱን መሬት አስቀመጠች። "አያ ተሾመ፣ ቦራና ዳልቻ በሬም ነበሩ። የአባቴን በሬዎች ረሷቸው? በሰባ ሰባቱ ድርቅ ያለቁትን?"

አያ ተሾመ ወደ እሷ ዞሩ።

"ሁለቱም በሬዎች በአንድ ሳምንት ነው የሞቱት። እኔ አራት ዓመቴ ነበር፣ አንዷለም አሥራ አንድ። እነሱን እየጠራሁ አለቀስኩ። አልሞቱም አለኝ። ሰባት ፀሐይ የሚገዛ ንጉሥ ለጦርነት ጠርቷቸው ሰማይ ወጥተዋል፤ ዛሬ ተኝተሽ እደሪ፣ ምን እንደሠሩ ነገ እነግርሻለሁ አለኝ። እኔም ያን ልሰማ ብዬ አደርኩ። በማግስቱ ደግሞ ነገ አለኝ። እህል የለ፣ ውሃ የለ፤ እርዳታው እስኪደርስ ድረስ እንዲህ እያለ አቆየኝ። ተመስገን፣ ይኸው አለሁ።"

አያ ተሾመ ቀስ ብለው ተቀመጡ። "ሻሼስ?" አሉ በመጨረሻ። "ሻሼ የምትባል ላም አልነበረችንም።"

"ያኔ እኔን ነበር እንደዚያ የሚጠራኝ።"

ሾፌሮቹ አንገታቸውን አዙረው አዩዋት። ሙሀመድሰይድ ቆቡን አውልቆ ጉልበቱ ላይ አስቀመጠ። እማማ አስካለ ጥቂት አሰቡ፤ ከንፈራቸው ሳይሰማ ተንቀሳቀሰ። ከዚያ ድምፃቸውን ከቅድሙ አብልጠው ለቀቁት፦

ሰማይ ላይ የሚውል መርከብ የሚነዳው፣
ከዋጃ እስከ ጎብዬ ስንቱን ሞቱ ጎዳው።

ብርቱካን ወንድሟ ከሞተ ጀምሮ ያልወጣላት ለቅሶ ያኔ ወጣላት። ሴቶቹ ተቀበሉ፤ ሾፌሮቹም እንደ ሴቶቹ ጮክ ብለው አለቀሱ።

ሙሾው ሲበርድ አያ ተሾመ ፍራሻቸው ላይ ወደ ዳር ተጠጉና አጠገባቸው ያለውን ቦታ በእጃቸው መታ መታ አድርገው ሙሀመድሰይድን ጠሩት። "ና፣ እዚህ ተቀመጥ። ቦራ ከተማዋን አላቃጥልም ካለ በኋላ ንጉሡ ምን አደረገው?"

እድሩ ድንኳኑን የሚነቅለው በማግስቱ ነበር። ሾፌሮቹ የአንዷለምን ወሬ ተናግረው ስላልጨረሱ ግን ድንኳኑ እስከ እሑድ ቆየ።