ጣሪያ የለበሰው የድንጋይ ድልድይ

ድልድዩ መጀመሪያ ጣሪያ አልነበረውም። ዲላ ከተማ ዳር በነበረው የመምህራን ኮሌጃችን የሴቶች መኝታ ቤት ከወንዙ ወዲህ፣ መማሪያ ክፍሎቹ ከወንዙ ወዲያ ነበሩ። በ1958 ዓ.ም. ስንገባ እኛ ሴቶቹ አንድ ክፍል እንኳ አንሞላም ነበር። እኔ ጀሚሊያ እባላለሁ፤ አባቴ ከሊፋ ይርጋጨፌ ላይ ሱቅ ነበረው። ከአጠገቤ የምትተኛው ሙሉካ የኮንጋ መንደር ልጅ ናት። አባቷ ባልቻ በሰው መሬት ላይ የሚኖር ጪሰኛ ነበር።

የባለመሬቱ ልጅ ታረቀኝ ሙሉካን ለሚስትነት ፈልጎ ሽማግሌ ልኮ ነበር። ባልቻ «ትማርልኝ» ብሎ መለሳቸው። ታረቀኝ ይህን እንደ ንቀት ቆጠረው።

በታኅሣሥ አንድ ጠዋት እኔና ሙሉካ ወደ ክፍል ስንሄድ፣ ድልድዩ መሃል ላይ ታረቀኝ ከሁለት ሰዎች ጋር ከፊት ለፊታችን ገባ። ዞር ስንል ከኋላም ሰው ቆሟል። ሙሉካን ወገቧን ይዘው ሲያነሷት የድልድዩን ጠርዝ በሁለት እጇ ጨመደደች። ጣቶቿን ከድንጋዩ ያላቅቁ ጀመር። እኔ ጮህኩ፤ እንደዚያ ቀን ጮኼ አላውቅም። ወንዶቹ ተማሪዎች እየሮጡ ሲደርሱ ጠላፊዎቹ ትተዋት ወንዙ ዳር ወዳለው የቡና ተክል ውስጥ ገቡ። የሙሉካ ጥፍሮች ተነቃቅለው ነበር።

ዳይሬክተራችን አቶ ግዛቸው ደግ ሰው ነበሩ። ወዲያው ግንበኞች አስመጡ። የድልድዩ ግራና ቀኝ በድንጋይ ግንብ ከፍ አለ፤ ለብርሃን ያህል ጠባብ መስኮቶች ተተዉለት፤ ከላይ ቆርቆሮ ለበሰ። በሁለቱም ጫፍ ወፍራም የዝግባ በር ተገጠመ። የወዲህኛውን ቁልፍ የመኝታ ቤታችን ኃላፊ እትዬ አሰገደች፣ የወዲያኛውን ዘበኛው ዘነበ ያዙ።

«ከእንግዲህ ማንም አይነካችሁም» አሉን አቶ ግዛቸው። አጨበጨብን።

ጠዋት ጠዋት እትዬ አሰገደች ያስገቡንና ከኋላችን ይቆልፋሉ። ዘነበ እስኪከፍትልን ድረስ ጨለማው ውስጥ ተጠጋግተን እንቆማለን። ስንመለስም እንደዚያው። ገበያ መውጣት ቀረ፤ ወንዝ ወርዶ ልብስ ማጠብ ቀረ። ወንዶቹ እንደ ልባቸው ከተማ ይወጡ ነበር። ሙሉካ መብል አስጠላት።

«የሚጠልፈው ሰው ውጭ እንዳሻው ይዞራል» አለችኝ አንድ ቀን፤ «የታሰርኩት እኔ ነኝ።»

መጋቢት ላይ ባልቻ ሊጠይቃት መጣ። ወደ ሴቶቹ ግቢ ወንድ ስለማይገባ ወንዙ ዳር ቆመ፤ እሷ ከድልድዩ መስኮት አነጋገረችው።

«አባዬ፣ ለፋሲካ ውሰደኝ።»

«ቤት እንዳትመጪ ልጄ። ታረቀኝ መንገዱ ላይ ሰው አስቀምጧል። አባቱም ወይ ልጅህን ስጥ ወይ መሬቴን ልቀቅ ብሎኛል።»

«እና ምን አልከው?»

«ገና ምንም አላልኩትም» አለ። ቀና ብሎ ሊያያት አልቻለም። ያመጣላትን ቆጮ በመስኮቱ ሊያቀብላት ተንጠራራ፤ እጁ ስላልደረሰ ድንጋይ ላይ አስቀምጦት ሄደ። ሙሉካ ከዚያ በኋላ ስለ ቤቷ አላነሳችም።

ሚያዝያ ላይ ዝናቡ በረታ። አንድ ቀን ከምሳ በኋላ እትዬ አሰገደች እንደ ወትሯቸው አስገብተው ቆለፉብንና ዝናቡን ሸሽተው ሮጡ። በወዲያኛው በር ዘነበ የለም፤ ኋላ እንደሰማነው ለምሳ በሄደበት ጎርፍ መንገዱን ቆርጦበት ነበር። በሩን ደበደብን፤ የቆርቆሮው ጩኸት ድምፃችንን ዋጠው። ወንዙ ከላይ ዛፍና እንሰት ጠርጎ አምጥቶ የድልድዩን ቅስት ወተፈው። መሄጃ ያጣው ውሃ በመስኮቶቹ ይገባብን ጀመር። ድሮ ቢሆን በላዩ አልፎ ይሄድ ነበር፤ አሁን ግንቡ እንደ ገንዳ ያዘው። ጉልበታችን ደረሰ፤ ከዚያ ወገባችን። አንዷ ትጸልያለች፤ አንዷ እናቷን ትጠራለች። ደብተሮቻችን በዙሪያችን ይንሳፈፋሉ።

«ጀሚሊያ፣ ጎንበስ በይ!» አለች ሙሉካ።

ከመስኮቱ ጠርዝ የላላ ድንጋይ ነቅላ ትከሻዬ ላይ ወጣች። ጥፍሮቻቸው ገና በቅጡ ባልዳኑ እጆቿ ድንጋዩን ይዛ ቆርቆሮውን ከሥር ትደበድበው ጀመር። ምስማሩ ሲላቀቅ ጫፉን ገልብጣ ወጣች። እግሯ ጣሪያው ላይ ሲሄድ ሰማን፤ ከዚያ የዝናቡ ድምፅ ብቻ ቀረ።

«ጥላን ሄደች» አለች አንዷ። እኔም አላመንኩም ማለት አልችልም። ውሃው ደረቴ ደርሶ ነበር።

የወዲህኛው በር ሲከፈት ከውሃው ጋር ተጠራርገን ወጣን። ሙሉካ ቁልፉን ይዛ ቆማለች። እትዬ አሰገደች ጭቃው ላይ ተቀምጠው «ቁልፉን ማዞር አቃተኝ ልጆቼ፣ አቃተኝ» እያሉ ያለቅሱ ነበር።

በማግስቱ አቶ ግዛቸው ሰበሰቡን። ሁለተኛ ዘበኛ እንደሚቀጥሩ፣ ጣሪያውንም እንደሚያጠብቁት ነገሩን። ሙሉካ ተነሳች።

«በሮቹ ይነቀሉልን፣ ጋሼ።»

«ታረቀኝስ ቢመጣብሽ?»

«ቢመጣ እንጮሃለን። ያኔ ስንጮህ ሰው ደርሶልናል። ተቆልፎብን ስንጮህ ግን የሰማን የለም።»

 አቶ ግዛቸው አናጢ አስጠርተው በሮቹን አስነቀሉ፤ ግንቡና ጣሪያው ግን እንዳሉ ቀሩ። እኛም ከዚያ ወዲያ ተያይዘን መሄድ ጀመርን። ሙሉካ አሁንም መሃሉ ላይ ስትደርስ እርምጃዋን ታፈጥን ነበር።

ሰኔ ላይ ባልቻ ዕቃውን በጀርባው ተሸክሞ ኮሌጁ ደጃፍ ቆመ። ልጄን አልሰጥም ብሎ ከመሬቱ ተባሮ ነበር። ሙሉካ እግሩ ላይ ወደቀች። አባቴ ይርጋጨፌ በሱቁ መጋዘን ውስጥ ሥራ ሰጠው፤ የለመደው የእርሻ ሥራ ግን አልነበረምና ቶሎ አረጀ።

ሙሉካ ተመርቃ አሪቻ በሚባል መንደር አስተማሪ ሆነች። በዚያው ዓመት ታረቀኝ ከፍስሐ ገነት አካባቢ አንዲት ልጅ ጠልፎ ማግባቱን ሰማን። ሙሉካ ቅዳሜ በጭነት መኪና ተሳፍራ ልታያት ሄደች። ስትመለስ ይርጋጨፌ እኛ ቤት አደረች።

«አገኘሻት?» አልኳት።

«ከሩቅ አየኋት። ውሃ ልትቀዳ ወጥታ ነበር፤ እንዳታመልጥ ከኋላዋ ሁለት ወንዶች ይከተሏታል» አለችኝ። «አሥራ አራት ዓመት እንኳ አይሞላትም፣ ጀሚሊያ።»