ሮበሌ የያዘው ጃንጥላ

በ1975 ዓ.ም. አንድ እሑድ ከሰዓት፣ ጎፋ ውስጥ የቀበሌው ስብሰባ እንዳለቀ የአዳራሹ መስኮቶች በብርድ ልብስ ተሸፈኑ። በየስብሰባው ፊልም የሚያነሳው ከበበው የሚባል የሰፈሩ ሰው፣ በተራረፈ ፊልም የጎረቤቶቹን ኑሮ ቀርጾ ኖሮ ሊያሳያቸው ነው። ደራርቱ ከባሏ ከሮበሌ ጎን ተቀመጠች።

ፊልሙ ጥይትም ሩጫም የለበትም። አንዲት ሴት ምስር ትለቅማለች፤ አንድ ሽማግሌ ጫማቸውን ፀሐይ ላይ ያሰጣሉ።

«ታሪኩስ የታለ?» ብሎ አንዱ ሰዉን አሳቀ።

ከዚያ ደራርቱ ራሷን አየች። ከቀበሌው የአጨዳ ዘመቻ መልስ ደጃፏ ላይ ግድግዳ ተደግፋ እንቅልፍ ወስዷታል። ሮበሌ አጠገቧ ቆሞ፣ ፀሐይ ፊቷን እንዳይመታት ጃንጥላ ይዞላታል። አንድ እጁ ሲዝል ወደ ሌላው ያዛውረዋል። በሃያ ዓመት ትዳር አንዲት የፍቅር ቃል ከአፉ ያልወጣ ሰው!

አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። ሮበሌ አቀርቅሮ ባርኔጣውን ያሻሽ ጀመር።

«ምን ያህል ቆምክ?» አለችው በጆሮው።

«እስክትነቂ።»

«ስነቃ እኮ አልነበርክም።»

«ዓይንሽ ሲርገበገብ ወደ ጓሮ ሸሸሁ።»

ደራርቱ ሳቋ አመለጣት። ወደ ቤት ሲመለሱ ጎረቤት ሁሉ እያየ ክንዱን ያዘችው፤ እሱም አላስለቀቃትም።