ጌሙ ላይ የተጨመረው ቋንቋ

ኢዘዲን ድሮም ረግቶ መቀመጥ የማይሆንለት ሰው ነው። ቆሞ ይበላል፣ እየተራመደ ያወራል። ሚስቱ ከድጃ «አንተን እኮ ጉንዳን የወረረህ ነው የምትመስለው» እያለች ትስቅበታለች። ኮምፒውተር ፊት ሲሆን ግን ግማሽ ቀን ቢቀመጥ አይሰለቸውም። መርሳ ከተማ ላይ ከአስፋልቱ ዳር፣ ከልብስ ሰፊው ከጋሽ በላይ ሱቅ አጠገብ ጌም ቤት የከፈተውም ለዚሁ ነበር።

ያለችው አንዲት ላፕቶፕ ናት። የገዛት ሐራ ከተማ ነው፤ የባቡሩ ሥራ ቀዝቅዞ ሐዲዱን የሚሠሩት ቱርኮች ወደ አገራቸው ሲመለሱ፣ ካምፓቸው ውስጥ ወጥ ቤት ከነበረና እነሱ በስጦታ ከሰጡት ሰው ላይ። ውስጧ አውቶቡስ የሚነዳበት ጌም ነበር፤ ነገር ግን ከላይ እስከ ታች ቱርክኛ ነው። ልጆቹ ትርጉሙን ሳያውቁ ቃሉን ለመዱት። ነዳጅ ሲያልቅ ጌሙ «ያክት ቢቲ» ይል ስለነበር የመርሳ ባጃጅ ነጂዎች ሳይቀሩ ቤንዚን ሲያልቅባቸው «ያክት ቢቲ!» ማለት ጀመሩ።

ኢዘዲን ቋንቋ የሚቀየርበትን ቦታ ፍለጋ ስንት ቀን ዳከረ። «ዲል» የሚል ነገር ያያል፤ ያሸነፈ ሰው ስም የሚመዘገብበት ድል መስሎት ሳይነካው ከረመ። አንድ ቀን ቢነካው ዲል ለካ በቱርክኛ ቋንቋ ማለት ነው። እንግሊዝኛ አለ፣ አረብኛ አለ፣ ሩሲያኛም አለ። አማርኛ የለም። ኮሮና ሰውን ቤት በዘጋበት ጊዜ የጌሙ ቃላት የተጻፉበትን ፋይል ከፍቶ አንድ በአንድ በአማርኛ ተካቸው። መጀመሪያ በፊደሉ ፋንታ ባዶ ሳጥን ብቻ ወጣ። የግዕዝ ፊደል ፈልጎ ጫነለትና እንደገና ከፈተው። ከቋንቋዎቹ መጨረሻ «አማርኛ» የሚል ሲያይ ከወንበሩ ብድግ ብሎ ሱቁን ሦስት ጊዜ ዞረው።

አማርኛውም የራሱ ነበር። ነዳጅ ሲያልቅ «ነዳጅ አልቋል፣ አብሽር» ይላል። ነጂው መንገድ ሲስት «ኧረ ወዴት ነው?» ይላል። ልጆቹ ይህቺን ለማየት ሲሉ ሆን ብለው መንገድ ይስቱ ነበር።

በ2013 ነሐሴ ላይ ጦርነቱ መርሳ ገባ። መብራት ጠፋ፣ ስልክ ጠፋ፣ ባንክ ተዘጋ። የሸሸው ወደ ደሴ ሸሸ፤ የቀረው በሩን ዘግቶ ተቀመጠ። ኢዘዲን የቀረው ከድጃ አርግዛ ስለነበር ነው። በእግር ተራራ የምትወጣበት ሁኔታ ላይ አልነበረችም። ኢዘዲን ላፕቶፗን ጣሪያና ኮርኒስ መሃል ደበቃት። ከዚያ በኋላ ከግቢው በር እስከ ጓሮ፣ ከጓሮ እስከ ግቢው በር መመላለስ ሆነ ሥራው። መድፍ ሲሰማ ይሄዳል፤ ዝም ሲልም ይሄዳል።

«ኧረ በአሏህ ተቀመጥ፤ ሆዴ ውስጥ ያለውም አንተን እያየ መሰለኝ የሚንቆራጠጠው» ትለዋለች ከድጃ።

ኅዳር እንደገባ ከተማዋን ከያዙት ተዋጊዎች አንዱ በሩን አንኳኳ። በክራንች የሚሄድ፣ ቀጠን ያለ ወጣት ነው። ስሙ ክፍሎም እንደሆነ በኋላ ነው ያወቁት። አማርኛው ይሰማል፤ ቅላጼው ግን የትግራይ ነው።

«ሱቅህ ላይ ጌም የሚል አይቻለሁ። አለ?»

«መብራት የለም።»

«ጣሪያህ ላይ ሶላር አለ።»

 ኢዘዲን እምቢ ቢል ምን እንደሚመጣ አያውቅም፤ እሺ ቢልም አያውቅም። ላፕቶፗን አውርዶ ሱቁን ከፈተለት። ክፍሎም ክራንቹን ግድግዳው ላይ አስደግፎ፣ የተመታ እግሩን ዘርግቶ አውቶቡሱን መንዳት ጀመረ። እየነዳ ቆይቶ ቋንቋ ወደሚመረጥበት ገባ።

«አማርኛውን ማን ጨመረው?»

«እኔ ነኝ።»

«የእኛስ?»

«እኔ ትግርኛ አልችልም።»

«እኔ እችላለሁ» አለ ክፍሎም። ትእዛዝ ይሁን ልመና ኢዘዲን ሊለየው አልቻለም። «እናያለን» ብሎ ሸኘው። ይረሳዋል ብሎ ነበር፤ በማግስቱም መጣ፣ በሠልስቱም መጣ።

በዚያው ሰሞን ሲስተር አለሚቱ ከድጃን ልታይ መጣች። ጤና ጣቢያው ባዶ ከሆነ ወዲህ በየቤቱ እየዞረች የምታዋልድ እሷ ናት። ሆዷን ዳብሳ ስትጨርስ ኢዘዲንን ወደ ውጭ ጠራችው።

«ልጁ ሆዷ ውስጥ በጎኑ ተጋድሟል። እኔ እጅ ላይ አይወለድም። ወልድያ ቀዶ የሚያዋልድ አንድ ሐኪም አለ አሉ። ሳምንት ሳይሞላ ውሰዳት።»

«ሲሪንቃ ላይ ኬላ አለ እኮ፤ ያለ ወረቀት ማንም አያልፍም።»

«አውቃለሁ» አለች አለሚቱ።

ኢዘዲን ቀጥታ ወደ ሱቁ ሄደ። ክፍሎም በሩ ደረጃ ላይ ተቀምጦ ይጠብቀው ነበር።

«ቋንቋውን እጨምርልሃለሁ። አንተ ደግሞ እስከ ወልድያ የሚያሳልፍ ወረቀት አምጣልኝ። ሚስቴ ልትወልድ ነው፤ ልጁ ተጋድሞባታል።»

ክፍሎም ቀና ብሎ አየው። «ይህን ለመንገር ጌም ያስፈልጋል? ለምን በመጀመሪያው ቀን አልነገርከኝም?»

«ዛሬ ነው ያወቅሁት።»

«አለቃዬን እጠይቃለሁ። ያለው ከተማ አይደለም፤ ሁለት ሦስት ቀን ይፈጃል።»

ኢዘዲን ግን አላመነውም። ሥራውን ካልጨረሰ ወረቀቱ የሚቀር መሰለው። ሁለት መቶ አሥራ አራት መስመር ነበር። በሚቀጥሉት ሦስት ቀናት ከጧት ጀምሮ ባትሪው እስኪያልቅ ይጽፋል፤ አንድ ቃል በጻፈ ቁጥር ሲሪንቃ አንድ እርምጃ የቀረበለት ይመስለዋል። ክፍሎም አጠገቡ ተቀምጦ ይነግረዋል። ፊደሉ ያው አንድ ፊደል ስለሆነ እንደ መጀመሪያው ጊዜ ሳጥን አልወጣም። «ጀምር» በሁለቱም «ጀምር» ነው። «ቋንቋ» በሁለቱም «ቋንቋ» ነው። ነዳጅ ሲያልቅ «ነዳዲ ተወዲኡ»፤ መንገድ ሲዘጋ «መንገዲ ተዓጽዩ»።

«ኧረ ወዴት ነው?» ላይ ሲደርሱ ክፍሎም ትንሽ አሰበና «ናበይ ደኣ?» አለ። ከዚያም ብቻውን መሳቅ ጀመረ።

«ምነው?»

«አባቴ ሞቅ ብሎት አምሽቶ ሲገባ፣ በሩን ስቶ ወደ በጎቹ ጋጣ ይሄዳል። እናቴ እንዲህ ነው የምትለው፤ ናበይ ደኣ?»

ኢዘዲን ሳያስበው ሳቀ። ለወራት ያልሳቀ ሰው ሲስቅ ድምፁ ይጮኻልና ያ ሳቅ ከሱቁ አልፎ ተሰማ። ቀና ሲል ጋሽ በላይ በሩ ላይ ቆመዋል። በእጃቸው የውኃ ጀሪካን ይዘዋል። ታናሽ ወንድማቸው በጦርነቱ የመሞቱ ወሬ ከመጣ ወር አልሞላውም፤ ሬሳው የት እንደወደቀ እንኳ አልታወቀም። ኢዘዲን ሊነሳ ሲል ፊታቸውን አዙረው ሄዱ።

በሦስተኛው ቀን ከሰዓት ወረቀቱ መጣ። ክፍሎም ሰጠውና ተቀምጦ አውቶቡሱን በራሱ ቋንቋ ነዳ። በማግስቱ ጧት ኢዘዲን ላፕቶፗን መልሶ ደበቀና ቤንዚን የደበቀ አንድ ባጃጅ ነጂ ለምኖ ከድጃን ጫናት።

ሲሪንቃ ኬላው ላይ አንዱ ጠባቂ ወረቀቱን አገላብጦ አየና ለሌላው ሰጠ። ሌላው ይዞት ሄደ፤ ቆየ። ኢዘዲን ከባጃጁ ወርዶ ወዲያ ወዲህ ማለት ጀመረ።

«አንተ! አንድ ቦታ ቁም!» ብሎ ጠባቂው መሣሪያውን አስተካከለ።

ኢዘዲን ቆመ። ከድጃ ባጃጁ ውስጥ ሻሿን ነክሳ «ያ ረቢ፣ ያ ረቢ» ትላለች። ሁለት ሰዓት ያህል ቆይቶ ወረቀቱን የወሰደው ተመልሶ «ሂዱ» አለ። እንዴት እንዳለፉ ኢዘዲን አያስታውሰውም፤ የሚያስታውሰው ባጃጁ እስኪነሳ እግሩን በሁለት እጁ ይዞ መቀመጡን ነው።

ወልድያ እንደደረሱ ከድጃን ሐኪሙ ዘንድ ለቀዶ ሕክምና አስገቧት። በቀትር ሴት ልጅ ተገላገለች። ስሟን ነኢማ አሏት። የከድጃ ቁስል እስኪጠግግ እዚያው ወልድያ አክስቷ ቤት ሰነበቱ። ታኅሣሥ ላይ ከተሞቹ ወደ መንግሥት ጦር እጅ ሲመለሱም እዚያው ነበሩ። መንገዱ ሲከፈት ወደ መርሳ ተመለሱ። ክፍሎም ይሙት ይኑር የሚያውቅ አልነበረም፤ የሚጠየቅም ሰው አልነበረም።

በተመለሱ በአራተኛው ቀን የመንግሥት ጸጥታ ሰዎች መጡና ኢዘዲንን ከነላፕቶፗ ወሰዱት። ማን እንደጠቆመው ለመገመት አልተቸገረም። ጋሽ በላይ ሱቃቸው በር ላይ ቆመው ሲወስዱት አይተዋል።

የሚመረምረው ሃምሳ አለቃ ወልዴ የሚባል ዓይኑ በእንቅልፍ ማጣት የቀላ፣ ትግርኛ የሚሰማ ሰው ነው። ላፕቶፗን ጠረጴዛ ላይ ከፍቶ ጌሙን ነካው። ኢዘዲን ያኔ ነው ትዝ ያለው፤ ክፍሎም ከነዳ ወዲህ ቋንቋውን አልቀየረውም። ስክሪኑ በትግርኛ ተሞላ።

«ይህ ምንድን ነው?»

«ጌም ነው ጌታዬ። አውቶቡስ የሚነዳበት።»

«መንገዲ ተዓጽዩ ይላል። የትኛው መንገድ ነው የተዘጋው? ለማን ነው የምትነግረው?»

«ጌሙ ውስጥ ያለው መንገድ ነው።»

«ነዳዲ ተወዲኡስ? የማን ነዳጅ ነው ያለቀው?»

ኢዘዲን እውነቱን ከመጀመሪያው ጀምሮ ነገረው፤ ባወራ ቁጥር ግን ነገሩ ለራሱም ውሸት እየመሰለው ሄደ። ሰው በጦርነት መሃል ተቀምጦ ጌም ይተረጉማል? ሃምሳ አለቃው «ወረቀቱ የታለ?» አለው። ኢዘዲን ቤት እንዳለ ሊናገር አፉን ከፈተና ዘጋው። የዚያኛው ወገን ማኅተም ያለበት ወረቀት ቤቱ ተገኘ ማለት ከድጃንም ማስያዝ ሊሆን ነው። «ጠፋብኝ» አለ። ሃምሳ አለቃው መዋሸቱን ዓይኑ ላይ አነበበበት። ሁለት ቀን አንዲት ክፍል ውስጥ ዘጉበት። ክፍሏ በቁመቷ አምስት እርምጃ ነበረች፤ እየተመላለሰ ለካት።

በሦስተኛው ቀን ጧት ሲጠራ ከድጃ ጠረጴዛው ፊት ቆማለች። ልጅቷን ታቅፋለች፤ ሲስተር አለሚቱ በክንዷ ደግፋታለች። ከድጃ በነጠላዋ ጫፍ የቋጠረችውን ወረቀት ፈታ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

«ከድጃ!» አለ ኢዘዲን።

«ዝም በል» አለችው። ከዚያ ወደ ሃምሳ አለቃው ዞረች። «እስከ ወልድያ ያሳለፈን ወረቀት ይኸው።»

«ይህ የጠላት ማኅተም እንደሆነ ታውቂያለሽ?»

«አዎ። ይቺ ልጅ በዚህ ነው ያለፈችው። ወረቀቱ ባይኖር ኖሮ ባሌ የኔንም የሷንም መቃብር ነበር ዛሬ የሚያሳይዎት። ባሌ መሣሪያ አልሰጣቸውም፣ ሰው አልጠቆመም። ቃል ነው የጻፈላቸው።»

አለሚቱም ልጁ ተጋድሞ እንደነበረ፣ ውሰዳት ብላ ያዘዘችው ራሷ እንደሆነች ተናገረች። ሃምሳ አለቃው ወረቀቱን አየ፣ ልጅቷን አየ። ቆይቶ ላፕቶፗን ወደ ኢዘዲን ገፋ አደረጋት።

«ወደ አማርኛ ቀይረው።»

ኢዘዲን ቀየረው። ሃምሳ አለቃው ራሱ አውቶቡሱን ነዳ፤ ወዲያው አንድ ሕንፃ ላይ ወጣ። «ኧረ ወዴት ነው?» አለ ጌሙ። በሩ ላይ የቆመው ወታደር ሳቁን ለመደበቅ ፊቱን አዞረ። ሃምሳ አለቃው አልሳቀም፤ ትከሻው ግን ወረድ አለ።

«ትግርኛውን አጥፋውና ውሰዳት።»

ኢዘዲን ፋይሉ ላይ ደርሶ ጣቱ ቆመ። ሁለት መቶ አሥራ አራት መስመር ነው። ያስቆመው ሃምሳ አለቃውን መፍራቱ አልነበረም፤ እግሩን ዘርግቶ የሚስቀው ክፍሎም ነው። ከድጃ ጎንበስ ብላ በጆሮው «አጥፋው» አለችው፤ «ልጅቱ አትጠፋም።» ኢዘዲን ማጥፊያውን ተጫነ።

ከዚያ ወዲያ ጌም ቤቱን ከፈተ፤ ልጆቹም ተመለሱ። ኢዘዲንና ጋሽ በላይ ግን በአንድ ግድግዳ ተለያይተው እየዋሉ ሰላምታ አይለዋወጡም። የስፌት መኪናው ድምፅ በተሰማ ቁጥር ኢዘዲን ደሙ ይፈላል፤ ተነስቶ ይወጣል፣ ይገባል። ሱቅ ሊቀይር አስቦ ነበር። መጋቢት ላይ ሽማግሌው ራሳቸው መጡ። ልጆቹ እስኪወጡ ቆመው ጠበቁ።

«የጠቆምኩህ እኔ ነኝ» አሉ።

«አውቃለሁ።»

«ወንድሜ ሬሳው ሳይገኝ አንተ ከነሱ ጋር ስትስቅ አየሁህ።»

«ስቄያለሁ፤ አልዋሽዎትም።»

«ምን አሳቀህ?»

ኢዘዲን ነገራቸው፤ ስለሰከረው አባት፣ ስለበጎቹ ጋጣ፣ በሩ ላይ ቆማ ስለምትጮኸው እናት። ጋሽ በላይ አልሳቁም። «የሱም እናት እየጠበቀችው ይሆናል» አሉና ወጡ። ይቅርታ አልጠየቁም፤ ኢዘዲንም ይቅር ብዬዎታለሁ አላለም።

በሳምንቱ የጋሽ በላይ ቤተሰብ ሬሳ ሳያገኝ እርሙን ሊያወጣ ድንኳን እንደሚጥል ተሰማ። ኢዘዲን ጧት ሱቁን አልከፈተም። የሰፈሩ የድንኳን እንጨት ከተከመረበት ሄዶ አንዱን ረጅም ቋሚ አነሳ፤ ከበደውና ተንገዳገደ። ጋሽ በላይ ከደጃቸው አይተውት መጡ፣ ሌላውን ጫፍ በትከሻቸው ተቀበሉት፤ ሁለቱም እርምጃቸውን አስተካክለው ወደ ግቢው ገቡ።